የኮሪያ ፊልም በሌላ አንደበት ሲናገር

(በራዲዮ ከተሰጠ ንግግር)



ከሥራ መልስ ቴሌቪዥኑን የከፈተ የከተማ ሰው፥ መልኩና አለባበሱ የሩቅ ምሥራቅ የሆነ፥ ንግግሩ ግን እንግሊዝኛ፥ አንዳንድ ጊዜም አማርኛ የሆነ ሰው በመስኮቱ ውስጥ ሲስቅና ሲያለቅስ ማየት ዛሬ አዲስ ነገር አይሆንበትም። የመጀመሪያውን ተዋናይ ድምፅ አንሥቶ በምትኩ የሌላ ሰው ድምፅ የማግባቱ ሥራ በፈረንጅ አፍ «ደቢንግ» ይባላል፤ በእኛ አገር «ትርጉም ፊልም» የሚለው ስም ለምዷል። በዛሬው ንግግራችን የምንመለከተው የኮሪያ ፊልሞች በዚህ ዓይነት ለዓለም ሕዝብ ሲቀርቡ ምን እንደሚደረግባቸው፥ በመንገድም ላይ ከሚጠፋው ነገር ዋናው የትኛው እንደሆነ ነው። ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ የምንጠቅሰው እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

ቦንግ ጁን ሆ የተባለው የኮሪያ ፊልም አዘጋጅ «ፓራሳይት» በተባለው ፊልሙ በ2019 በካን ከተማ የወርቅ ዘንባባ የተባለውን ሽልማት ተቀበለ። በ2020 መጀመሪያ ላይም ይኸው ፊልም የዓመቱ ምርጥ ተብሎ የኦስካርን ዋና ሽልማት ወሰደ፤ ከእንግሊዝኛ በሌላ ቋንቋ የተነገረ ፊልም ለዚህ ክብር ሲበቃ ያ የመጀመሪያው ነበር። ከዚያ ጥቂት ሳምንታት ቀደም ብሎ ጎልደን ግሎብ የሚባለውን ሽልማት በተቀበለበት ምሽት፥ ቦንግ በኮሪያኛ ባሰማው አጭር ንግግር፥ ተመልካች አንድ ኢንች ከፍታ ያላትን የግርጌ ጽሑፍ አጥር ከተሻገረ ብዙ ድንቅ ፊልሞች ከወዲያ እንደሚጠብቁት አመለከተ። ቃሉ በየአገሩ ጋዜጦች ተደጋገመ፤ እውነትም ነው። ነገር ግን አጥሩ ለሁሉ ሰው እኩል ዝቅ ያለ አይደለም። ዓይናቸው ለደከመ ሽማግሌ፥ ሽንኩርት እየከተፈች ለምትመለከት እመቤት፥ ገና ፊደል ላልቈጠረ ሕፃን፥ ያች አንድ ኢንች እንደ ግንብ ናት። ስለዚህ የሲኒማ ዐዋቂዎች ነን የሚሉ አንዳንድ ሰዎች ትርጉም ፊልምን ሁሉ በጅምላ ሲንቁ ስንሰማ፥ እነዚህ ሰዎች ከአያታቸው ጋር አንድ ቤት ተቀምጠው ፊልም አይተው ያውቁ ይሆን ብለን እንጠይቃለን።

በዚህ ጉዳይ የአገሮች ልማድ የተለያየ ነው። ጀርመን፥ ኢጣልያ፥ ስፔንና ፈረንሳይ የውጭውን ፊልም በገዛ ቋንቋቸው ማናገርን መርጠዋል፤ ሆላንድ፥ ስዊድን፥ ፖርቱጋልና ግሪክ ደግሞ ጽሑፉን። በፖላንድ ቴሌቪዥን ከዚህም የተለየ ልማድ አለ፤ አንድ ሰው ብቻ የወንዱንም የሴቷንም፥ የሕፃኑንም የሽማግሌውንም ቃል በረጋ ድምፅ ያነባል፥ የመጀመሪያው ድምፅም ከሥሩ በቀስታ ይሰማል።

ድምፅ መተካት ከመንግሥት ፈቃድ ጋር የተያያዘበትም ዘመን ነበረ። በስፔን አገር በጄኔራል ፍራንኮ አገዛዝ፥ በ1941፥ የውጭ ፊልም ሁሉ በስፓኝኛ እንዲናገር ታዘዘ። በዚህም ምክንያት ሳንሱሩ ያልወደደውን ነገር መቀስ ሳያነሣ መለወጥ ቻለ። «ሞጋምቦ» የተባለው የ1953 የአሜሪካ ፊልም ወደዚያ ሲገባ፥ ባል ያላት ሴት ከሌላ ወንድ ጋር ፍቅር መያዟ ነውር ነው ተባለና ባልና ሚስቱ በንግግር ወንድምና እኅት እንዲሆኑ ተደረገ። ተመልካቹ ግን የሁለቱን አኳኋን በዓይኑ ያይ ነበርና፥ ከአንዱ ነውር ለማምለጥ ሲባል ከእርሱ የባሰ ነውር ተፈጠረ። ታሪኩን ያመጣነው ለማሣቅ ብቻ አይደለም፤ ድምፁ አንድ ነገር፥ ምስሉ ሌላ ነገር ሲናገር ሰው የሚያምነው ዓይኑን መሆኑን ስለሚያሳይ ነው። ወደ ኮሪያ ፊልም ስንመለስ ይኸው ነገር በሌላ መልክ ያጋጥመናል።

አስቀድሞ ግን ሥራው እንዴት እንደሚከናወን እንግለጽ። የፊልሙ ባለቤት ለውጭ አገር የሚልከው ድምፅ ለሁለት የተከፈለ ነው። በአንዱ ወገን የተዋንያኑ ንግግር፥ በሌላው ወገን ሙዚቃው፥ የበሩ መዘጋት፥ የዝናቡ ውርጅብኝ፥ የመኪናው ጡሩምባ ተለይቶ ይቀመጣል። ተቀባዩ ንግግሩን ያስወግድና ሁለተኛውን እንዳለ ይይዛል። በትርጉም ፊልም ውስጥ የምንሰማው የበር መዘጋት ከኮሪያ የመጣ ነው፤ የምንሰማው ልቅሶ ግን የሌላ ሰው ልቅሶ ነው። ቀጥሎ ተርጓሚው ቃሉን ይመልሳል፤ ከእርሱም በኋላ አንድ አስማሚ የተመለሰውን ቃል ከተዋናዩ አፍ ጋር ያገጣጥማል። ችግሩ የሚበዛው እዚህ ላይ ነው። «በ»፥ «መ»፥ «ጰ» ከንፈር ካልገጠመ አይነገሩም፤ ፊቱ በቅርብ የሚታይ ተዋናይ አፉን ከፍቶ ሳለ «እማማ» የሚል ድምፅ ቢሰማ ሕፃን እንኳ ይታዘበዋል። ጀርባውን ሰጥቶ ወይም ከሩቅ ሆኖ ሲናገር ግን አስማሚው እንደ ልቡ ነው። ርዝመቱም እንዲሁ ነው፤ ተዋናዩ በሁለት ሰከንድ አፉን ከከደነ ትርጉሙም በሁለት ሰከንድ ማለቅ አለበት። በመጨረሻ ድምፅ ሰጪው የመጀመሪያውን ድምፅ በጆሮው፥ ምስሉን በዓይኑ ይዞ ከማይክሮፎኑ ፊት ይቆማል። ብዙ ጊዜ እያንዳንዱ ለየብቻው ስለሚቀርጽ፥ የሚጣላውም የሚታረቀውም ከባዶ ክፍል ጋር ነው። ከማይክሮፎን ፊት መዋል ልማዳችን የሆነ ሰዎች ይህ ምን ያህል ከባድ እንደሆነ እንረዳለን፤ ትንፋሽ የት ላይ እንደሚወሰድ ያላወቀ ሰው ቃሉን በትክክል ቢያነበውም ሰው አያስመስለውም።

የሚያስገርመው ኮሪያውያን ራሳቸው ለዚህ ጥበብ እንግዳ አለመሆናቸው ነው። ፊልም ድምፅ ባልነበረው ዘመን «ብዮንሳ» የሚባል ሰው ከመጋረጃው አጠገብ ቆሞ ታሪኩን ይተርክ፥ የተዋንያኑንም ቃል በራሱ አፍ ይናገር ነበር። በ1935 «ቹንህያንግጆን» የተባለው ፊልም የመጀመሪያው ተናጋሪ የኮሪያ ፊልም ሆኖ ወጣ። ከኮሪያ ጦርነት በኋላ በነበሩት ብዙ ዓመታት ደግሞ፥ ድምፅን በቀረጻው ቦታ መያዝ አስቸጋሪ ስለነበረ፥ አብዛኛው ፊልም በዝምታ እየተቀረጸ ንግግሩ በኋላ በስቱዲዮ ይገባ ነበር። የሚናገሩትም ብዙ ጊዜ በመጋረጃው ላይ የሚታዩት ዝነኞች ሳይሆኑ በራዲዮ ድራማ የሠለጠኑ «ሶንጉ» የተባሉ ድምፅ ሰጪዎች ነበሩ። የሴኡል ሰው በአንዱ መልክና በሌላው ድምፅ የተሠራ አንድ ጀግና ሲያፈቅር ኖረ ማለት ነው። በቴሌቪዥንም ቢሆን ኬቢኤስ የተባለው የኮሪያ የሕዝብ ማሠራጫ የአሜሪካንና የአውሮፓን ፊልሞች ለብዙ ዓመታት በኮሪያኛ ድምፅ ሲያሳይ ቈይቷል።

እንግዲህ ወደ ዋናው ነገር እንድረስ። ኮሪያኛ ተናጋሪ፥ የሚያነጋግረውን ሰው ዕድሜ፥ ማዕርግና ቅርበት ሳይመዝን አንድ ዓረፍተ ነገር መጨረስ አይሆንለትም። ሚዛኑ ያለው በግሡ ጫፍ ላይ ነው። ለታላቅ፥ ለማያውቁት ሰውና ለአለቃ የሚነገረው የአክብሮት አነጋገር «ጆንዴንማል» ይባላል፤ ለእኩያ፥ ለታናሽና ለቅርብ ወዳጅ የሚነገረው ደግሞ «ባንማል»። ሰውን በስሙ ብቻ መጥራትም ቀላል ነገር አይደለም። ታናሽ ወንድም ታላቁን «ሂዮንግ»፥ ታናሽ እኅት ታላቅ ወንድሟን «ኦፓ» ትላለች፤ ሥጋ ዝምድና በሌለበትም እነዚህ ስሞች ለወዳጅ፥ «ኦፓ» ደግሞ ለሚወዱት ወንድ ጭምር ይሰጣሉ። ይህን ሁሉ ለአማርኛ ተናጋሪ ማስረዳት ድካም የለውም፤ «ተቀመጥ»ን ከ«ይቀመጡ»፥ «አበበ»ን ከ«ጋሼ አበበ» ሳይለይ ያደገ ሰው በመካከላችን የለምና። በእንግሊዝኛ ግን ለሚኒስትሩም ለተላላኪውም፥ ለእናትም ለልጅም የሚያገለግል አንድ «ዩ» ብቻ አለ።

በ2021 በኔትፍሊክስ በኩል ወጥቶ ዓለምን ያዳረሰው «ስኩዊድ ጌም» የተባለው ተከታታይ ፊልም ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ይሆነናል። በታሪኩ ውስጥ ዓሊ የተባለ ከፓኪስታን የመጣ ምስኪን የቀን ሠራተኛ አለ። ሳንግ ዉ ደግሞ በታላቁ በሴኡል ዩኒቨርሲቲ የተማረ፥ የደንበኞቹን ገንዘብ ያጠፋ ሰው ነው። ዓሊ ሳንግ ዉን «ሳጃንግኒም» እያለ ይጠራዋል፤ «ጌታዬ፥ የድርጅቱ ባለቤት» እንደ ማለት ነው፤ ከውጭ የመጡ ሠራተኞች በኮሪያ ለአሠሪያቸው የሚሰጡት ስም ነው። ሳንግ ዉ ግን «ሂዮንግ» ብለህ ጥራኝ ይለዋል። በዚህች ቃል ባዕድ የነበረው ሰው ወንድም ሆነ፤ በአገሩ ሰዎች ዘንድ ያላገኘውን ዝምድና ያገኘ መሰለው። ኋላ ሳንግ ዉ በብይ ጨዋታ ላይ አታሎት ለሞት ሲዳርገው፥ የከዳው አንድ ተጫዋች ሌላውን አይደለም፤ ታላቅ ወንድም ታናሹን ነው። እንግሊዝኛ ለ«ሂዮንግ» አቻ ስለሌለው ነገሩ ሰውን በስም ከመጥራት አያልፍም፤ ክዳቱ ይታያል፥ ጥልቀቱ ግን አይሰማም። በዚሁ ፊልም ሚ ንዮ የተባለችው ሴት ወንበዴውን ለማባበል «ኦፓ» ስትለውም፥ በእንግሊዝኛ አንድ የተለመደ የፍቅር ቁልምጫ ተተክቶላት ያልፋል። ፊልሙ በወጣበት ወቅት ኮሪያኛና እንግሊዝኛ አጣምረው የሚያውቁ ሰዎች ስለዚህ ትርጉም ብዙ ተከራክረዋል።

ይህ እንግሊዞችንና አሜሪካኖችን የሚመለከት ነገር ነው፥ እኛን ምን አገባን የሚል አድማጭ ይኖር ይሆናል። የሚያገባን በዚህ ምክንያት ነው። ከኮሪያ የወጣ ፊልም ወደ ሌሎች ቋንቋዎች ሲመለስ ብዙ ጊዜ በእንግሊዝኛ ጽሑፍ በኩል ያልፋል። ከኮሪያኛ በቀጥታ ወደ ትናንሽ ገበያ ቋንቋዎች የሚመልስ ሰው በቀላሉ አይገኝም፥ ቢገኝም ዋጋው ከበድ ይላል። እንግዲህ በኮሪያኛ የነበረው ማዕርግ በእንግሊዝኛው ወንፊት ላይ ይቀርና፥ ወደ ተርጓሚው የሚደርሰው ያ አንዱ «ዩ» ብቻ ይሆናል። አማርኛው ተርጓሚ «ዩ» የሚለውን ሲያይ ከ«አንተ»፥ ከ«አንቺ»፥ ከ«እርስዎ»፥ ከ«አንቱ»ና ከ«እናንተ» አንዱን መምረጥ አለበት። ጽሑፉን ብቻ ይዞ ምስሉን ሳያይ ከመረጠ፥ የመረጠው በግምት ነው። ኮሪያኛ ያለውና አማርኛም ያለው ነገር፥ በመካከል ባለ አንድ የሌለው ቋንቋ ምክንያት ጠፍቶ ይቀራል፤ በወንዝ ማዶና ማዶ ያሉ ሁለት ዘመዳሞች መልእክታቸውን ዝምድናቸውን በማያውቅ ሰው እንደ መላክ ነው።

ስሕተቱም አይሸሸግም፤ አካል አይተረጐምምና። ኮሪያዊ ለታላቁ ሲሰጥና ሲቀበል እንደ እኛው በሁለት እጁ ነው፥ ወይም ቀኝ እጁን በግራው ደግፎ ነው፤ ሰላምታ ሲሰጥም ጐንበስ ይላል። አንድ ጐልማሳ ዐማቱ ፊት ተንበርክኮ በሁለት እጁ መጠጥ እየቀዳ፥ ከአፉ የሚወጣው ቃል «እንካ ጠጣ» ቢሆን፥ ቀደም ብለን እንደ ጠቀስነው የስፔን ፊልም፥ ዓይንና ጆሮ ይጣላሉ። ሕፃናቱም ይህን እያዩ ሽማግሌን «አንተ» ማለት የሠለጠነ አነጋገር ይመስላቸዋል።

የተገላቢጦሹም ያሳዝናል። በኮሪያ ፊልም ውስጥ ብዙ ጊዜ የጠቡ ጫፍ ስድብ ወይም ጥፊ አይደለም፤ ሲያከብር የኖረ ሰው ድንገት አክብሮቱን ከግሡ ላይ ማንሣቱ ነው። የእንግሊዝኛው ትርጉም ይህን ለማሳየት ከሌላ ቦታ ስድብ መበደር አለበት። በአማርኛ ግን ምንም ብድር አያስፈልግም። በመሥሪያ ቤት ሃያ ዓመት ሙሉ ኀላፊውን «እርስዎ» ሲል የኖረ ጸሓፊ አንድ ቀን በሰው ፊት «አንተ» ቢለው፥ በክፍሉ ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ብዕሩን አስቀምጦ ቀና እንደሚል እናውቃለን። ከመጀመሪያው ጀምሮ ሁሉም «አንተ» ሲባባሉ ከቈዩ ግን ያ ሰዓት ሲደርስ ተርጓሚው የሚለውጠው ነገር ያጣል።

«ኔ» የምትለውም ትንሽ ቃል ትጠቅሳለች። ኮሪያዊ ሲጠሩት «ኔ»፥ ሲያዙት «ኔ»፥ ሲጠይቁት «ኔ» ይላል። እንግሊዝኛው ብዙውን ጊዜ «የስ» በሚለው ያልፈዋል፤ አማርኛ ግን «አቤት»፥ «እሺ»፥ «አዎን» ብሎ ለያንዳንዱ የሚገባውን መስጠት ይችላል፥ ሁሉም አጫጭር ስለሆኑ ከአፉ ጋር ለማስማማትም አያስቸግሩም።

በዓረፍተ ነገር አሠራርም ረገድ ቢሆን ዕድለኞች ነን። ኮሪያኛ እንደ አማርኛ ግሡን የሚያስቀምጠው ከመጨረሻ ነው። አንድ ተዋናይ «ወንድሜን የገደለው ሰው ማን እንደሆነ ትናንት ሌሊት...» ብሎ ዝም ቢል፥ ዐወቀ ይበል ረሳ፥ ሰማ ይበል ጠረጠረ፥ ገና ከአፉ አልወጣም፤ ተመልካቹም ትንፋሹን ይዞ ይጠብቃል። እንግሊዝኛ ግሡን ቀድሞ ስለሚናገር፥ ዝምታው በደረሰ ጊዜ ምሥጢሩ ከወጣ ቈይቷል፤ ተዋናዩ ለምን ዝም እንዳለ አይገባም። አማርኛ ትርጉም ግን ዝምታውን በነበረበት ቦታ ሊተወው ይችላል።

በአንጻሩ አማርኛ የሚቸገርበት ቦታም አለ። በኮሪያኛ ግስ ወንድና ሴትን አይለይም፥ ባለቤቱም ብዙ ጊዜ አይጠቀስም። በወንጀል ፊልም ውስጥ አንዱ «ዋሶ» ቢል፥ የመጣው ወንድ ይሁን ሴት አይታወቅም፤ አዘጋጁም የፈለገው ይህንኑ ይሆናል። እኛ «መጣ» ካልን ግማሹን ምሥጢር አወጣን፥ «መጣች» ካልንም እንዲሁ። እዚህ ላይ ብልኅ ተርጓሚ የሚሸሸግበት አንድ ዋሻ አለ፤ ይኸውም የአክብሮቱ «መጡ» ነው፤ «መጡ» ወንድና ሴትን አይለይም። ነገር ግን ነፍሰ ገዳይን አንቱ ማለት የሚያስቸግር ስለሆነ በሁሉ ቦታ አይሠራም።

ስለ ተርጓሚ ነጻነት አንድ ነገር ሳንል አናልፍም። የ«ፓራሳይት»ን እንግሊዝኛ የግርጌ ጽሑፍ ያዘጋጀው በሴኡል የኖረው አሜሪካዊ ዳርሲ ፓኬት ነው። በፊልሙ ውስጥ ባለጸጋዋ እመቤት «ጃፓጉሪ» እንዲሠራላት በስልክ ታዛለች፤ ይህ ሁለት ዓይነት ርካሽ የፓኬት ፓስታ ተደባልቆ የሚሠራ የተራ ሰው ምግብ ሲሆን እርስዋ ግን ውድ የበሬ ሥጋ እንዲጨመርበት ትፈልጋለች። ፓኬት የታወቁ ሁለት የምግብ ስሞችን አጋጥሞ «ራምዶን» የሚል ቃል ፈጠረ። አባትየው የልጁን ሐሰተኛ የትምህርት ማስረጃ እያደነቀ በሚቀልድበት ቦታም የሴኡልን ዩኒቨርሲቲ በኦክስፎርድ ለወጠው፥ የውጭ ሰው ቀልዱ ቶሎ እንዲገባው። በእኛ አስተያየት ሁለተኛው ለውጥ በግርጌ ጽሑፍ ላይ ሲያልፍ የሚታገሡት ነው፤ ኮሪያዊ ሲናገር በጆሮ ሲሰማ ግን እንግዳ ይሆናል። አማርኛ ተርጓሚም ጃፓጉሪን «ቦዘና ሽሮ» ቢለው ሳቅ ያስነሣ ይሆናል፤ እመቤቲቱ ግን ሽሮ ቀምሳ አታውቅም።

ከዚህ ሁሉ ለድምፅ ሥራ የሚብሰው ሁለት ቋንቋ የሚነገርበት ፊልም ነው። ይኸው ቦንግ ጁን ሆ በ2017 ባወጣው «ኦክጃ» ውስጥ ሚጃ የተባለች የተራራ ልጅ ግዙፍ ዐሳማዋን ለማዳን ትታገላለች። የእንስሳት ተሟጋቾቹ መሪ እንግሊዝኛ ተናጋሪ ስለሆነ ፈቃዷን የሚጠይቀው በአስተርጓሚ ነው። እርስዋ ከኦክጃ ጋር ወደ ተራራዬ ልመለስ ትላለች፤ አስተርጓሚው ግን ሆን ብሎ ተስማምታለች ብሎ ይመልሳል። ከዚያ በኋላ የሚመጣው መከራ ሁሉ የዚህ ውሸት ልጅ ነው። አሁን ሁሉም በአማርኛ ወይም በጀርመንኛ ቢናገሩ፥ እርስ በርሳቸው እየተሰማሙ አስተርጓሚ ምን ሊሠራ መጣ? እንዲህ ባለው ቦታ የመጀመሪያውን ድምፅ መተውና ከግርጌ መጻፍ ይሻላል።

ድምፅ መተካት በደንብ ሲሠራ ምን እንደሚሆን ያየችው ጃፓን ናት። «ዊንተር ሶናታ» የተባለው የ2002 የኮሪያ ተከታታይ ፊልም በ2003 በኤንኤችኬ በጃፓንኛ ድምፅ ቀረበ። ጃፓንኛም የአክብሮት አነጋገር ስላለው ማዕርጉ መንገድ ላይ አልቀረም። የጃፓን እመቤቶች ዋናውን ተዋናይ ቤ ዮንግ ጁንን እጅግ ከመውደዳቸው የተነሣ በስሙ ላይ የታላቅ ክብር ቅጽል ጨምረው «ዮን ሳማ» ይሉት ነበር። ይሁን እንጂ ሲሰሙት የኖሩት ድምፅ የጃፓናዊው የሀጊዋራ ማሳቶ ነበረና፥ የራሱን ድምፅ አሰሙን የሚል ጥያቄ በዛ፤ በ2004 መጨረሻ ላይም ፊልሙ በኮሪያኛ ድምፅና በጃፓንኛ የግርጌ ጽሑፍ እንደገና ታየ። በኢራን ደግሞ የቤተ መንግሥት ወጥ ሠሪ የነበረችውንና ኋላ ሐኪም የሆነችውን የጃንግ ጉምን ታሪክ የሚተርከው ባለ 54 ክፍል ፊልም በፋርስ ቋንቋ ተተርጕሞ ሕዝቡን ከቤቱ ሲያስቀምጥ፥ ስምዋ በኢራናውያን አፍ «ያንጎም» ሆኖ ቀረ።

በአገራችን ቃና ቴሌቪዥን በ2016 ሥራውን ጀምሮ የውጭ ተከታታይ ፊልሞችን በአማርኛ ድምፅ ማቅረብ ሲጀምር፥ የአገር ውስጥ የኪነ ጥበብ ሰዎች ሙያችንን ይጐዳል ብለው ተቃውሞ አሰሙ። በዚያ ክርክር አንገባም። ለድምፅ ሥራው ግን ሦስት ነገር እንዲታሰብበት እንመኛለን፤ ተርጓሚው ከመጻፉ በፊት ምስሉን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ይይ፤ ማን ለማን ታላቅ፥ ማን ለማን ዐማት፥ ማን ለማን አለቃ እንደሆነ በአንድ ወረቀት ላይ አስቀድሞ ይመዝግብ፤ ቢቻል ደግሞ ኮሪያኛ የሚሰማ አንድ ሰው አጠገቡ ይቀመጥ። ይህ ብዙ ወጪ የሚጠይቅ ነገር አይደለም።

«ቴጉክጊ» የተባለውን የ2004 ፊልም ለዚህ ማስረጃ እናቅርበው። ፊልሙ ስለ ኮሪያ ጦርነት ነው፤ የቃኘው ሻለቃ ወታደሮቻችን በ1951 ደርሰው የተዋጉበትና ከ120 በላይ ወገኖቻችን የወደቁበት ያ ጦርነት ማለት ነው። ጂን ቴ ጫማ እየጠረገ ታናሽ ወንድሙን ጂን ሶክን ለማስተማር የሚደክም ወጣት ነው። ሁለቱም በግድ ለጦር ይያዛሉ፤ ታላቁ ታናሹን ወደ ቤት ለማስመለስ ሲል ራሱን በየአደጋው ይጥላል። ከሃምሳ ዓመታት በላይ ካለፈ በኋላ ጂን ሶክ ሽማግሌ ሆኖ፥ በቁፋሮ የተገኘ አንድ አፅም አጠገብ ተቀምጦ ያለቅሳል። ያ አፅም በወጣትነቱ የሞተ ሰው አፅም ነው፤ ጠጕሩ የሸበተው ሽማግሌ ግን አሁንም «ሂዮንግ» ይለዋል። ተርጓሚው እዚህ ላይ «ጂን ቴ» ብሎ በስሙ ቢያስጠራው፥ አንድ ሽማግሌ የአንድ ወጣት አፅም ሲያነጋግር እናያለን። «ጋሼ» ቢያሰኘው ግን ሽማግሌው እንደገና ታናሽ ይሆናል። ከዚያ ጦርነት ተመልሰው የደከሙ አባት የግርጌውን ጽሑፍ ሮጠው ላይደርሱበት ይችላሉ፤ ይህችን ቃል ግን ከልጅ ልጆቻቸው ጋር ተቀምጠው ይሰሟታል።

በመጨረሻ፥ ድምፅ መምረጥ የሚቻልበት መሣሪያ በቤቱ ያለው አድማጭ አንድ ነገር ሊሞክር ይችላል። በትርጉም ያየውን አንድ ክፍል መልሶ በኮሪያኛ ድምፅ ይስማው። ቋንቋውን ባያውቅም የየዓረፍተ ነገሩን መጨረሻ ያዳምጥ። «ዮ» የምትል ድምፅ ከመጨረሻው ላይ ብትሰማ ተናጋሪው ሌላውን እያከበረ ነው። «ምኒዳ» በሚል ቢያልቅ አነጋገሩ የበለጠ ደንበኛ ነው፤ በኮሪያ ራዲዮ ዜና አንባቢው የሚጨርሰው በዚህ ነው። ከስም ቀጥሎ «ኒም» ቢመጣ የማዕርግ ነው። ሁለት ሰዎች «ዮ» ሲባባሉ ቈይተው አንደኛው ድንገት «ዮ»ዋን ቢያስቀራት፥ በዚያች ደቂቃ የሌላኛውን ፊት ይመልከት፤ ከዚያም ወደ ትርጉሙ ተመልሶ፥ ድምፅ ሰጪው በዚያው ቦታ ምን እንዳለ ያወዳድር።